የሳልመን ሥራ ማስታወሻ፦ ዓሣው ሳይደርቅ፣ ግሌዙ ሳያርር

መነሻ

የምፈልገው ውጤት ግልጽ ነው። በኦቭን የበሰለ ሳልመን፤ ላዩ በሶያ ሶስ፣ በማር፣ በዝንጅብልና በነጭ ሽንኩርት በተሠራ ግሌዝ የሚያብረቀርቅ፤ ውስጡ እርጥብ ሆኖ በሹካ ሲነካ ንጣፍ በንጣፍ የሚላቀቅ። ግሌዝ የምለው ጣፈጥ ያለ፣ ወፈር ያለ፣ ሙቀት ሲያገኘው ዓሣው ላይ የሚጣበቅ ቅብ ሶስ ነው።

እቃዎች፦ ከላይም ከታችም የሚሞቅ ኦቭን፣ የመጋገሪያ ትሪ፣ የመጋገሪያ ወረቀት፣ ፎይል፣ ትንሽ ድስት፣ የሲሊኮን ብሩሽ፣ ዲጂታል ሚዛን፣ ወረንጦ። በኋላ ሁለት ቴርሞሜትሮች ጨመርኩ። አንዱ ዓሣው ውስጥ የሚሰካ ነው፤ ሌላው ኦቭን ውስጥ የሚቀመጥ። ከሁሉም እቃ በላይ የጠቀሙኝ እነሱ ናቸው።

ወጪው በአብዛኛው የዓሣው ነው። ሶሱ ከሱ ጋር ሲነጻጸር እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። ስለዚህ ሶሱ ላይ የምፈትነውን ሁሉ በተቻለ መጠን ያለ ዓሣ እፈትናለሁ። ዓሣ የግድ ሲያስፈልግ ደግሞ በጅራቱ በኩል ያለውን ትንሽ ቁራጭ እጠቀማለሁ።

ደረጃ 1፦ ሁሉንም በአንድ ላይ

በቀላሉ መንገድ ጀመርኩ። ሶያ ሶስ፣ ማር፣ የሩዝ ኮምጣጤ፣ የተፈቀፈቀ ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት ሳህን ውስጥ ደባልቄ ዓሣው ላይ አፈሰስኩ። ኦቭኑ 200 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ነው። 15 ደቂቃ።

ሶሱ ከዓሣው ላይ ወርዶ ትሪው ላይ ተንጣለለ። ዳር ዳሩ አረረ፤ ቤቱ ጭስ በጭስ ሆነ። የዓሣው ላይ ግን ፈዛዛና እርጥብ እንደሆነ ቀረ። ከጎኑ ነጭ ነገር ወጥቶ ከሶሱ ጋር ተቀላቀለ። መልኩ አያምርም። ሥጋው ውጭ ውጩ ደርቋል።

ነገሩን ሳስበው ምክንያቱ ውሃ ነው። ያልበሰለ ሶስ አብዛኛው ውሃ ነው። ውሃ እስካለ ድረስ የዓሣው ላይ ከ100 ዲግሪ ብዙም አያልፍም። ስኳሩ ቡናማ የሚሆነው፣ የተጠበሰ ሽታ የሚመጣውም ከዚያ በላይ ነው፤ በደንብ የሚፋጠነው 140 ዲግሪ አካባቢ ሲደርስ ነው። ትሪው ላይ የፈሰሰው ቀጭን ስለሆነ ቶሎ ደርቆ ይጋላል፤ ያርራል። ዓሣው ላይ ያለው ደግሞ ከራሱ ከዓሣው በሚወጣ ፈሳሽ እየቀጠነ ይሄዳል።

ዋናው ጣጣ እዚህ ጋ ነው። ግሌዙ ኃይለኛ ሙቀት ይፈልጋል። ዓሣው ለስላሳ ሙቀት ይፈልጋል። ሁለቱን በአንድ ሙቀት፣ በአንድ ሰዓት ማብሰል አንዱን መጉዳት ነው። ከዚህ በኋላ ያለው ሥራ ሁሉ ሁለቱን ለያይቶ ማብሰልና መጨረሻ ላይ ማገናኘት ነው።

ደረጃ 2፦ ሶሱን ለብቻው ማብሰል

ዓሣውን ተውኩት። ሶሱን ድስት ላይ አደረግኩ።

መጀመሪያ የሞከርኩት ምንም ማወፈሪያ ሳልጨምር ዝም ብሎ ማንተክተክ ነው። ወፈረ፤ አብረቀረቀ። ግን ጨው ሆነ። ውሃው ሲተን ጨው አብሮ አይተንም። አንድ የሾርባ ማንኪያ መደበኛ ሶያ ሶስ ወደ 900 ሚሊግራም ሶዲየም አለው። የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂ ሰው የሚመክረው በቀን ከ2000 ሚሊግራም በታች ነው። አራት ማንኪያ ሶያ ሶስ እስኪወፍር አንተክትኮ ዓሣ ላይ መቀባት ምላስም አይወደው፤ ጤናም አይወደው።

ስለዚህ ሶያ ሶሱን ቀንሼ በምትኩ ውሃ ጨመርኩ። ለማወፈር የበቆሎ ስታርች። ስታርቹ በቀዝቃዛ ውሃ መበጥበጥ አለበት፤ ደረቁን ትኩስ ሶስ ውስጥ መጨመር ወዲያው ይጓጉላል። ከገባ በኋላ አንድ ደቂቃ ያህል መፍላት አለበት። ካልፈላ የዱቄት ጣዕም ይቀራል፤ በቂ ውፍረትም አይሰጥም።

መጠኑ ላይ ጥቂት ተንከራተትኩ። አንድ የሾርባ ማንኪያ ስታርች ለአንድ ትንሽ ድስት ሶስ በጣም በዛ፤ ሲቀዘቅዝ እንደ ሙጫ ሆነ። አንድ የሻይ ማንኪያ ግን ልክ ነው። ማብረቅረቁን የሚሰጠው በዋናነት ስኳሩ ነው። ስታርቹ ሥራው ሶሱ እንዳይወርድ መያዝ ብቻ ነው። ስታርች በዛ ማለት ሶሱ ይደበዝዛል ማለት ነው።

ውፍረቱን ድስቱ ውስጥ እያዩ መገመት አያዋጣም። ትኩስ ሶስ ሁልጊዜ ቀጭን ይመስላል። ትንሽ ሳህን ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጣለሁ። አንድ ጠብታ እሱ ላይ አደርግና በጣቴ መሃሉን እሰነጥቀዋለሁ። መንገዱ ክፍት ሆኖ ከቆየ ደርሷል። ተመልሶ ከተዘጋ ጥቂት ይቆይ።

የፎይል ሙከራ

ከዚህ ሁሉ ሥራ ውስጥ በጣም የወደድኩት ይሄ ነው፤ ዓሣም አያስወጣም። ፎይል ትሪ ላይ አነጠፍኩ። አንዱ ጎን ላይ በማር ብቻ የተሠራ ሶስ ቀባሁ። ሌላው ላይ በቡናማ ስኳር ብቻ የተሠራ። መሃል ላይ የሁለቱ ቅልቅል። ከዚያ በላይኛው እሳት ስር አስገብቼ በመስታወቱ ተመለከትኩ።

የማሩ ቀድሞ ጠቆረ። ማር ውስጥ በብዛት ያለው ፍሩክቶስ የሚባለው የስኳር ዓይነት ነው። ፍሩክቶስ ወደ ካራሜል መለወጥ የሚጀምረው 110 ዲግሪ አካባቢ ነው። ተራው ስኳር ግን ወደ 160 ይጠጋል። የቡናማ ስኳሩ ቀስ ብሎ ነው የቀላው፤ ለማየትና ለማውጣት ጊዜ ይሰጣል። ግን የማር ሽታ የለውም። ቅልቅሉ ላይ ቆምኩ፤ ቡናማ ስኳሩ በዛ ብሎ፣ ማሩ ለሽታ ያህል።

በዚሁ ሙከራ ሌላም ነገር ታየኝ። የነጭ ሽንኩርት ቁርጥራጭ ያለበት ቦታ ሁሉ ጥቁር ነጥብ ሆነ። ቀመስኩት፤ ይመራል። ከዚያ ወዲህ ሶሱ ከስታርቹ በፊት በወንፊት ይወርዳል። የነጭ ሽንኩርቱና የዝንጅብሉ ጣዕም ሶሱ ውስጥ ገብቷል፤ አሰሩ አያስፈልግም።

ኮምጣጤው የሚገባው ድስቱ ከእሳት ከወረደ በኋላ ነው። አንደኛ፣ ሽታው አይተንም። ሁለተኛ፣ አሲድና ሙቀት አብረው ሲቆዩ ስታርቹን ያቀጥኑታል። የሰሊጥ ዘይትም እንዲሁ መጨረሻ ላይ። ከተቆላ ሰሊጥ የተጨመቀው ዘይት ሽታው ስስ ነው፤ እሳት ላይ ሲቆይ ይጠፋል።

አሁን ለአራት ቁራጭ የምጠቀምበት መጠን፦ ሶያ ሶስ 45 ሚሊ ሊትር፣ ውሃ 45 ሚሊ ሊትር፣ ቡናማ ስኳር 25 ግራም፣ ማር አንድ የሾርባ ማንኪያ፣ የተፈቀፈቀ ዝንጅብል 10 ግራም፣ ሁለት ፍሬ ነጭ ሽንኩርት። አምስት ደቂቃ ያህል ቀስ ብሎ ይንተከተካል፤ በኃይል ይፈላል ማለት ሳይሆን ዳር ዳሩ ላይ ብቻ አረፋ ብቅ ብቅ ይላል። ይጠለላል። በአንድ የሾርባ ማንኪያ ቀዝቃዛ ውሃ የተበጠበጠ አንድ የሻይ ማንኪያ ስታርች ይገባል፤ አንድ ደቂቃ ይፈላል። ከእሳት ወርዶ ሁለት የሻይ ማንኪያ የሩዝ ኮምጣጤና አንድ የሻይ ማንኪያ የሰሊጥ ዘይት። ሶዲየሙ ዝቅ ያለ ሶያ ሶስ ከተገኘ እሱ ይሻላል።

ደረጃ 3፦ ዝንጅብል ለምን ጥሬውን አይሆንም

ግሌዙ ከመስተካከሉ በፊት ዓሣውን በጥሬ ዝንጅብል ዘፍዝፎ ማቆየትም ሞክሬ ነበር። ከብዙ ሰዓት በኋላ የዓሣው ላይ ላሽቆ ወጣ። ሲበስልም አልጠነከረም፤ አፍ ውስጥ የተፈጨ ነገር ነው የሚመስለው።

ጥሬ ዝንጅብል ዚንጂባይን የሚባል ኢንዛይም አለው። ሥራው ፕሮቲን መሰባበር ነው። ጠንካራ ሥጋ ላይ ይጠቅም ይሆናል። የዓሣ ሥጋ ግን በተፈጥሮው ለስላሳ ነው፤ እሱን ኢንዛይም አይችለውም። ማፍላት ኢንዛይሙን ያጠፋዋል። ስለዚህ ድስት ውስጥ የተንተከተከ ዝንጅብል ምንም አይልም፤ ጣዕሙ ብቻ ይቀራል። ሎሚና ኮምጣጤም ቢሆኑ በሌላ መንገድ ተመሳሳይ ችግር አላቸው። አሲዱ የዓሣውን ላይ ሳይበስል ያነጣዋል፤ ያደርቀዋልም።

በአጭሩ መዘፍዘፉን ሙሉ በሙሉ ተውኩት። ግሌዙ ራሱ በቂ ጣዕም አለው።

ደረጃ 4፦ ዓሣው

ገበያ ላይ የሚገኘው አብዛኛው የአትላንቲክ ሳልመን በእርባታ ያደገ ነው፤ ኖርዌይና ቺሊ ትልልቆቹ አምራቾች ናቸው። ስቡ ብዙ ነው። ነጫጭ መስመሮቹ ሥጋው ላይ በግልጽ ይታያሉ። የዱር ሳልመን፣ ለምሳሌ ሶካይ የሚባለው የፓሲፊኩ ዓይነት፣ ቀይነቱ ጎላ ያለ፣ ስቡ ትንሽ ነው። ቶሎ ይደርቃል። ሁለቱን በአንድ ሰዓት ቆጣሪ ማብሰል አይቻልም። ለግሌዝ ሥራ ስብ ያለው ይቀላል፤ ለትንሽ ስህተት ቦታ ይሰጣል።

ስገዛ የማየው ክብደቱን ሳይሆን ውፍረቱን ነው። ከመሃል የተቆረጠ፣ ወደ 3 ሴንቲሜትር የሚጠጋ ውፍረት፣ ሁሉም ቁራጭ እኩል። አንዱ ወፍራም ሌላው ቀጭን ከሆነ አንዱ ሳይደርስ ሌላው ያልፍበታል። የጅራት ቁራጭ ከሆነ ቀጭኑን ጫፍ ወደ ስር አጥፌ ውፍረቱን አስተካክላለሁ።

በረዶ የሆነውን ፍሪጅ ውስጥ አሳድሬ ነው የማቀልጠው። በአየር አልባ ፕላስቲክ የታሸገ ከሆነ ከማቅለጤ በፊት ፕላስቲኩን እከፍታለሁ። አየር በሌለበት ቦታ ቦቱሊዝም የሚባለውን ከባድ የምግብ መመረዝ የሚያመጣው ባክቴሪያ ዓሣ ላይ ሊያድግ ይችላል፤ አንዱ ዓይነቱ በፍሪጅ ቅዝቃዜም ጭምር። መክፈት አንድ ሴኮንድ ነው፤ አይዘለል።

እሾህ፦ ጣቴን ከላይ ወደ ታች አሳልፋለሁ። የሚወጋ ነገር ካለ በወረንጦ። የሚሳበው ወደ ጭንቅላቱ አቅጣጫ፣ እሾሁ ባዘነበለበት መንገድ ነው። በተቃራኒው ከተሳበ ሥጋው ይቀደዳል።

አሁን ስለዚያ ነጭ ነገር። አልቡሚን ይባላል። ሥጋው ውስጥ ያለ ፕሮቲን ነው። ጡንቻው በሙቀት ሲኮማተር ተጨምቆ ይወጣና ላዩ ላይ ይረጋል። አይጎዳም። ግን ግሌዝ ስር ሲገባ ሶሱን ያፈናቅለዋል። ስለዚህ ለኔ ሥራ የመልክ ጉዳይ ብቻ አይደለም።

የጨው ውሃ ሞከርኩ። አንድ ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ፣ 50 ግራም ጨው፣ ዓሣው ውስጡ 15 ደቂቃ። ከዚያ አውጥቶ በወረቀት ፎጣ በደንብ ማድረቅ። ለማነጻጸር አንድ ቁራጭ በጨው ውሃ፣ አንድ ቁራጭ ያለ ጨው ውሃ፣ አንድ ትሪ ላይ ጎን ለጎን አስገባሁ። ልዩነቱ በዓይን ይታያል። በጨው ውሃ የቆየው ላይ ነጩ በጣም ጥቂት ነው። ጨው የላይኛውን የጡንቻ ፕሮቲን በከፊል ስለሚያሟሟው ሲበስል አይጨመቅም። ሥጋውም ጠንከር ብሎ ያምራል። ከ15 ደቂቃ በላይ ግን አላቆየውም፤ ግሌዙ ራሱ ጨው አለውና።

ማድረቁን አጥብቄ እናገራለሁ። እርጥብ ዓሣ ላይ ምንም ግሌዝ አይዝም።

ደረጃ 5፦ ሙቀት

ከሁሉ በፊት ኦቭኑን መፈተሽ ነበረብኝ። ቴርሞሜትሩን ውስጡ አስቀምጬ ስመለከት ቁጥሩ 200 ሲል እውነተኛው 185 አካባቢ ነበር። ይህ ብዙ ኦቭን ላይ ያለ ነገር ነው። ፋን ካለውና ከተከፈተ ደግሞ ሙቀቱ ይበረታል፤ የተለመደው አሠራር 20 ዲግሪ ያህል መቀነስ ነው።

ከዚያ ሦስት ሙቀት አነጻጸርኩ። ያለ ግሌዝ፣ ዘይት ብቻ ተቀብቶ።

220 ዲግሪ፦ ፈጣን ነው። 10 ደቂቃ አካባቢ። ግን መሃሉ ሲደርስ ውጭ ውጩ ግራጫ ሆኖ ደርቋል። ነጩ ብዙ ነው። ግማሽ ደቂቃ ማለፍ እንኳ ይታያል።

200 ዲግሪ፦ ትንሽ የተሻለ። ችግሩ ያው ነው።

135 ዲግሪ፦ ከ20 እስከ 25 ደቂቃ። ከላይ እስከ ታች አንድ ዓይነት። መሃሉና ዳሩ በቀለም አይለያዩም ማለት ይቻላል። ነጩ የለም። በዝግታ ስለሚሄድ ሁለት ደቂቃ ቢያልፍም አይበላሽም።

135 ላይ ረጋሁ። መልኩ ፈዛዛ ነው፤ ምንም አልተጠበሰም። ግን መጠበሱን የሚሠራው ግሌዙ ነውና አይከፋኝም።

መድረሱን የማውቀው በቴርሞሜትር ብቻ ነው። ከጎን በኩል፣ በጣም ወፍራሙ ቦታ ላይ፣ ጫፉ መሃል እንዲደርስ እሰካለሁ። ለእርባታ ሳልመን የምወደው የመጨረሻ ሙቀት ከ50 እስከ 52 ዲግሪ ነው። ለዱሩ 48 ወይም 49 ይበቃዋል። ከ60 ሲያልፍ ሥጋው ፈሳሹን እየለቀቀ ይሄዳል።

እዚህ ላይ መነገር ያለበት አለ። የአሜሪካ የምግብ ደህንነት መመሪያ ለዓሣ የሚያስቀምጠው 63 ዲግሪ ነው። ነፍሰ ጡር፣ ትንሽ ልጅ፣ አዛውንት ወይም የበሽታ መከላከል አቅሙ የተዳከመ ሰው ካለ እኔም 63 ላይ ነው የማደርሰው። በ135 ኦቭን ቀስ ብሎ 63 የደረሰ ሳልመን በ220 ከደረሰው እጅግ ይሻላል፤ የጨው ውሃውና ግሌዙም ይረዱታል። ዝቅ ባለ ሙቀት የሚበላ ከሆነ ጥገኛ ትሎችን ማሰብ ግድ ነው። አኒሳኪስ የሚባለው ትል ዋናው ስጋት የዱር ዓሣ ላይ ነው። ከዜሮ በታች 20 ዲግሪ ላይ 7 ቀን የቆየ በረዶ ይገድለዋል። ስለዚህ የዱር ሳልመን የምገዛው በረዶ ሆኖ የቆየውን ነው።

ነገሩ የራሱ ታሪክ አለው። ጃፓኖች የፓሲፊክ ሳልመንን በእነዚሁ ትሎች ምክንያት ጥሬውን አይበሉም ነበር፤ በጨው አሽተው ይጠብሱት ነበር። ሳልመን ሱሺ በሚባለው የሩዝና የጥሬ ዓሣ ምግባቸው ላይ የወጣው ኖርዌያውያን በ1980ዎቹ የእርባታ ሳልመናቸውን ጃፓን ውስጥ ማስተዋወቅ ከጀመሩ በኋላ ነው። ዛሬ ሱሺ ሲባል ሳልመን ቀድሞ የሚመጣለት ሰው ብዙ ነው።

ደረጃ 6፦ ማገናኘት

አሁን ሁለት የተስተካከሉ ነገሮች አሉኝ። በዝግታ የበሰለ ዓሣና ድስት ውስጥ የበሰለ ግሌዝ። የቀረው ዓሣውን ሳላሳልፍ ላዩን ማጥበስ ነው።

ሙከራ ሀ፦ ዓሣውን እስከ 52 አብስዬ፣ ግሌዙን ቀብቼ፣ በላይኛው እሳት ስር። ላዩ አማረ። ውስጡ ግን 60 ገባ። የላይኛው እሳት በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ብዙ ዲግሪ ይጨምራል።

ሙከራ ለ፦ ዓሣውን 45 ወይም 46 ላይ አወጣሁ። ትሪውን ውጭ አቆይቼ ኦቭኑን ወደ ላይኛው እሳት ቀየርኩ፤ እስከመጨረሻው አግዬ። በመሃል የዓሣውን ላይ በወረቀት ፎጣ አደረቅኩ። ቀጭን ንብርብር ቀብቼ ከእሳቱ 12 ሴንቲሜትር ያህል ራቅ አድርጌ ሁለት ደቂቃ። አውጥቼ ሁለተኛ ንብርብር። አንድ ደቂቃ ተጨማሪ። አውጥቼ ሦስት ደቂቃ ሲያርፍ ቴርሞሜትሩ 51 አለ።

ይሄ ነው። ግሌዙ ተጣብቋል፤ ዳሩ ላይ ትንንሽ አረፋ ሠርቶ ቀልቷል። ሹካው ሲነካው ንጣፉ ይላቀቃል። ትሪው ላይ የፈሰሰ የለም ማለት ይቻላል።

ሁለት ቀጭን ንብርብር ከአንድ ወፍራም የሚሻለው የመጀመሪያው ደርቆ ለሁለተኛው መያዣ ስለሚሆን ነው። አንድ ወፍራም ንብርብር ላዩ ብቻ ይጠቁርና ስሩ ፈሳሽ ሆኖ ይንሸራተታል።

ሁለት ማስጠንቀቂያ። የመጋገሪያ ወረቀት ብዙውን ጊዜ የሚችለው እስከ 220 ዲግሪ አካባቢ ነው። በላይኛው እሳት ስር ጫፉ ሊቃጠል ይችላል። 135 ላይ በወረቀት አበስልና ለላይኛው እሳት ፎይል ወደተነጠፈበት ትሪ አዛውራለሁ። ወይም ከመጀመሪያውም ፎይል በስሱ ዘይት ቀብቼ እጠቀማለሁ። ሌላው፣ በላይኛው እሳት ስር ካለ ግሌዝ ዓይን አይነሳም። ከመቅላት ወደ ማረር ያለው ጊዜ ሴኮንዶች ነው። እኔ በሩን ትንሽ ገርበብ አድርጌ እዚያው እቆማለሁ።

ብሩሹም ነገር አለው። ገና ጥሬ ወይም ግማሽ የበሰለ ዓሣ የነካ ብሩሽ ወደ ሶሱ ድስት አይመለስም። ለመቀቢያ የሚሆነውን በትንሽ ሳህን ለይቼ እቀዳለሁ። የቀረው ግማሽ ንጹህ ሆኖ ገበታ ላይ ይፈሳል።

ሰሊጡና አረንጓዴው የሽንኩርት ቅጠል የሚበተኑት ከወጣ በኋላ ነው። ሰሊጡን ለብቻው መጥበሻ ላይ ቆልቼ አዘጋጃለሁ። በላይኛው እሳት ስር የገባ ሰሊጥ ይመራል።

ቆዳው በዚህ አሠራር አይንኮሻኮሽም፤ ለስላሳ ይሆናል። እኔ አልበላውም። ግን ከማብሰል በፊት አላነሳውም፤ ስሩን ከትሪው ሙቀት ይጠብቀዋል። ሲወጣ ቀጭን መገልበጫ በቆዳውና በሥጋው መሃል ሳስገባ ሥጋው ንጹህ ሆኖ ይነሳል፤ ቆዳው ትሪው ላይ ይቀራል።

ደረጃ 7፦ ሌሎች ግሌዞች

አሠራሩ ከተያዘ በኋላ ጣዕሙን መቀያየር ቀላል ሆነ።

ጎቹጃንግ፣ የኮሪያው የተብላላ የቃሪያ ድልህ፦ ራሱ ውፍረትም ጣፋጭነትም ስላለው ስታርች አያስፈልገውም። አንድ ተኩል የሾርባ ማንኪያ ጎቹጃንግ፣ አንድ ማንኪያ ሶያ ሶስ፣ አንድ ማንኪያ ማር፣ ጥቂት ውሃ። ቶሎ ይጠቁራል፤ ሁለተኛው ንብርብር ላይ ከአንድ ደቂቃ በታች ይበቃዋል። ከሁሉም በጣም የወደድኩት ይሄ ነው። የስቡን ክብደት ያቀለዋል።

ነጭ ሚሶ፣ የጃፓኑ የተብላላ የአኩሪ አተር ድልህ፦ እዚህ ሌላ ባህርይ አለ። ጃፓኖች ዓሣን በጣፋጭ ነጭ ሚሶ ቀብተው አንድ ሁለት ቀን ያቆያሉ፤ ከመጥበሳቸው በፊት ግን ሚሶውን ይጠርጉታል። እኔ ሳልጠርገው ሞክሬ ፎይሉ ላይ እንዳየሁት ነጠብጣብ ጠቆረ። ጠርጌ ስሠራው ላዩ እኩል ቀላ። ሚሶ የሚጠቅመው ዓሣው ውስጥ የገባው እንጂ ላዩ ላይ የቀረው አይደለም።

ሚሪን፣ ጣፋጩ የሩዝ ወይን፦ በስኳሩ ፋንታ ሲገባ ማብረቅረቁ ይለያል፤ ለዘብ ያለና ጥርት ያለ ነው። አልኮሉ እንዲወጣ ከሶያ ሶሱ በፊት ብቻውን አንድ ሁለት ደቂቃ ይፈላል። ሲገኝ እሱን እመርጣለሁ።

የብርቱካን ጭማቂም ሞከርኩ። ሽታው ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ውሃው ብዙ ስለሆነ ለብቻው በደንብ ሳይመጠጥ ግሌዝ አይሆንም።

ደረጃ 8፦ ሙሉ ጎን፣ የተረፈውና የሶሱ ማቆያ

አንድ ሙሉ የሳልመን ጎን በዚሁ መንገድ ሠራሁ። ችግሩ ጅራቱ ነው፤ ከመሃሉ ግማሽ ያህል ነው ውፍረቱ። 135 ላይ ሲገባ ጅራቱን በፎይል ሸፈንኩ። መሃሉ 45 ሲደርስ ጅራቱ 54 ነበር። ጥሩ ነው፤ የጠነከረ የሚወድ ሰው አይጠፋም። በላይኛው እሳት ስር ግን ትሪው ሰፊ ስለሆነ ሙቀቱ እኩል አይደርስም። መሃል ላይ ትሪውን ማዞር አስፈለገ። የጨው ውሃውም ትልቅ እቃ ይጠይቃል። ለሙሉ ጎን ደረቅ ጨው በስሱ ነስንሼ ፍሪጅ ውስጥ ግማሽ ሰዓት አቆይቼ መጥረግ ይቀለኛል።

የተረፈውን ቶሎ ፍሪጅ አስገባለሁ፤ ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አይቆይም። በሁለት ወይም ሦስት ቀን ውስጥ ያልቃል። ማይክሮዌቭ ሽታውን ያከብደዋል፤ ሥጋውንም ያደርቀዋል። ፎይል ሸፍኖ 135 ኦቭን ውስጥ ማሞቅ ይሻላል። ቀዝቃዛውንም ቢሆን በሹካ ፈርክሶ ሰላጣ ላይ መበተን ግሩም ነው። ያኔ የተረፈው ግሌዝ በጥቂት ኮምጣጤ ቀጥኖ የሰላጣ ሶስ ይሆናል።

ግሌዙ በተዘጋ ማሰሮ ፍሪጅ ውስጥ ጥቂት ቀናት ይቆያል። በስታርች የወፈረው ሲቆይ ውሃ ይለያል፤ ቀስ ብሎ አሙቆ ማማሰል ይመልሰዋል። ፍሪዘር ግን አይስማማውም፤ ሲቀልጥ ይበጣጠሳል። ለማስቀመጥ ሳስብ ስታርቹን ሳልጨምር የተጠለለውን ሶስ ፍሪዘር ውስጥ አስገባለሁ። ስታርቹን፣ ኮምጣጤውንና የሰሊጥ ዘይቱን የምጨምረው ዓሣው ኦቭን ውስጥ እያለ ነው፤ ጊዜው ይበቃል።